ፊቱን ከተቀባ በኋላ

የመንደሩ ተዋናይ ቹ ባውሻን መናፍስትን የሚያባርረውን አምላክ ሆኖ መጫወት ከጀመረ ሠላሳ ዓመት ሆኖታል። ፊቱን ከተቀባ በኋላ እስኪታጠብ ድረስ መናገር የለበትም፤ ከተናገረ መናፍስቱ ተከትለውት ቤቱ ይገባሉ ተብሎ ይታመናል። ይህን ደንብ አንድ ጊዜም አልጣሰም።

ዘንድሮ በመድረኩ ላይ ሳለ መድረኩን የደገፈው የቀርከሃ ምሰሶ ወደ ከበሮ መቺው፣ ወደ ሽማግሌው ፋን፣ ሲያዘነብል አየ። እጁን አወናጨፈ። ሽማግሌው ግን የጨዋታው አካል ስለመሰላቸው ይበልጥ ደለቁ። ምሰሶው ተንቋቋ።

«ጋሼ ፋን፣ ይሽሹ!» ሲል ባውሻን ጮኸ።

ፋን ዘለው ወረዱ፤ ምሰሶው ተቀምጠውበት የነበረውን ወንበር ሰባበረው። ሕዝቡ ከባውሻን ሸሸ።

«መናፍስቱን ይዘህ ደጃችን እንዳትደርስ!» አለች አንዲት ጎረቤቱ።

ፋን የባውሻንን ክንድ ያዙ። «እኔ ቤት ና። መናፍስቱም ይምጡ፤ ከበሮዬን የሚሰማልኝ አጥቼ ነበር።»