ሥራ የሄደው ቤታችን

እርጥብ ሲሚንቶ በሸተተኝ ቁጥር እግሬ ቀጥ ይላል። አዲስ አበባ ውስጥ ደግሞ እርጥብ ሲሚንቶ የማይሸትበት ሰፈር ስለሌለ፣ ስቆም ነው የምውለው ማለት ይቻላል። ሽታው ሲመጣ ጎተራ ኮንዶሚኒየም ሦስተኛ ፎቅ ላይ፣ ወለሉ ገና ባልተሠራ ቤት መሃል፣ አባቴ ሱሪውን እስከ ጉልበቱ ሰብስቦ አሸዋና ሲሚንቶ ሲያቦካ፣ እናቴም እጇን ወገቧ ላይ አድርጋ «አንተ ሰውዬ፣ እዚህ ጋ ጎድጉዷል እኮ!» እያለች ስታዘው ይታየኛል። አባዬ ጎሚስታ እንጂ ግንበኛ አልነበረም፤ ጎማ መጠገን እንጂ ወለል መሥራት ከየት ይምጣለት? ወለላችን እስከ ዛሬ ወደ መስኮቱ ትንሽ ዘመም ያለ ነው፣ ብይ ቢቀመጥበት ይንከባለላል፤ ቢሆንም ባለሙያ አምጥተን እናስተካክለው ያለ ሰው በቤታችን ተሰምቶ አያውቅም።

ከዚያ በፊት ቂርቆስ አንዲት ክፍል ተከራይተን ነበር የምንኖረው። አከራያችን ውሃ በጆግ የሚለኩ፣ ሬዲዮ ስንከፍት ግድግዳውን የሚደበድቡ፣ እንግዳ ሲመጣብን «ስንት ቀን ትቆያለህ?» ብለው ራሱን እንግዳውን የሚጠይቁ ሴትዮ ነበሩ። የእማዬ ስም ከኮንዶሚኒየም ባለዕድሎች መሃል መገኘቱ የተሰማ ቀን፣ አባዬ ሜክሲኮ ካለው ሱቁ ሥራውን ጥሎ፣ እጁ እንደጠቆረ እየሮጠ መጥቶ፣ ሁላችንንም በየተራ እያቀፈ ልብሳችንን በማስቲሽ አበላሽቶት ነበር፤ እማዬም ለመጀመሪያ ጊዜ ሳትቆጣው ቀረች። አከራያችን ሳይቀሩ እልል አሉ፣ በሳምንቱ ኪራይ ጨመሩብን እንጂ።

ቅድመ ክፍያው የተከፈለው አባዬ ከሜክሲኮ ነጋዴዎች ጋር ይጥለው ከነበረው ዕቁብና እማዬ ከመሥሪያ ቤቷ ከተበደረችው ነው። የቀረው በባንክ ብድር ሆነ፤ መክፈያው ሃያ ዓመት ተባለ፣ የመጀመሪያው ዓመት ደግሞ ክፍያ የማይጀመርበት የእፎይታ ጊዜ ነበር። በዚያ ዓመት አባዬ ወለሉን ሠርቶ፣ ግድግዳውን ቀብቶ፣ በሮቹን አስገጥሞ፣ መስከረም ሲጠባ የቤት ምረቃ ደገሰ። በግ ታረደ፣ ጎረቤት ከየፎቁ ወጣና ወረደ፣ ሙዚቃው እስከ አደባባዩ ይሰማ ነበር። አባዬ ብርጭቆውን አንስቶ «ባንክ ማለት እኮ ትልቅ ዕቁብ ነው! ዕጣው ወጣልን፣ ወሰድን፣ ከእንግዲህ ሳያጓድሉ መጣል ነው፣ በቃ!» ብሎ ሲናገር ዕቁብተኞቹ አጨበጨቡለት። የዕቁብ ዳኛ ስለነበር ዓለምን ሁሉ የሚረዳው በዕቁብ ነበር። ዕቁብ ላይ ቀድሞ የደረሰውም መጨረሻ የደረሰውም እኩል ይጥላል፤ የወሰድከውን ያህል ከመለስክ ጨዋ ነህ፣ ከዚያ በላይ የሚጠይቅህ የለም።

እሱም እንደ ጨዋ ዕቁብተኛ ቀኑ ሳይደርስ ይከፍል ነበር። ለመስቀል አገር ቤት ሲወርድ እንኳ የሚመጣውን ወር አስቀድሞ ከፍሎ ነበር የሚሄደው። «ባንኩ እንደ ወልዴ ያለ ሰው የለውም» እያለ ስሙን እየጠራ ይኮራ ነበር፣ ኩራቱ ወደ እኛም ተጋባብን። እኔና ታላቅ ወንድሜ ዳዊት ደረጃው ላይ ተቀምጠን፣ ቤታችን ስንት እጁ የኛ እንደሆነ እንከራከር ነበር፤ እኔ ሳሎኑ አልቋል፣ ኩሽናው ይቀራል ባይ ነበርኩ።

እንዲህ እንዲህ እያለ ዓመታት አለፉ። አንድ በጋ፣ ትምህርት ለአጋማሽ ዓመት ዕረፍት ተዘግቶ ሳለ፣ አባዬ ኮቱን ለብሶ «ሊዱ፣ ተነሺ ልብስሽን ቀይሪ። የቤታችን ዕዳ ምን ያህል እንደቀለለ አብረን ሰምተን እንምጣ» አለኝ። ባንኩ ደምበል አካባቢ ነበር። መስኮቱ ጋ የተቀመጠችው ልጅ ለመስማት ደስ የሚል ድምፅ ነበራት፤ ስክሪኑን አየች፣ አባዬን አየች፣ ስክሪኑን ደግማ አየች።

«ጋሼ፣ እስካሁን የከፈሉት አብዛኛው ለወለድ ነው የሄደው። ዋናው ብዙም አልተነካም።»

«እንዴት ነው የማይነካው? አንድ ወር እንኳ አሳልፌ አውቃለሁ?»

«ኧረ አያውቁም! ግን ወለዱ የሚሰላው ባልተከፈለው ዋና ላይ ነው። መጀመሪያ ላይ ዋናው ትልቅ ስለሆነ ከሚከፍሉት ላይ ወለዱ ብዙውን ይወስድና ለዋናው ትንሽ ይተርፋል። በእፎይታው ዓመትም ወለዱ ይቆጠር ነበር።»

«አስቀድሜ የከፈልኩትስ?»

«እሱ የሚቀጥለው ወር ክፍያ ሆኖ ነው የተያዘልዎ። ዋናውን እንዲቀንስ ሲፈልጉ ‹ይሄ ለዋናው ነው› ብለው መናገር አለብዎት።»

አባዬ አልጮኸም። አመስግኗት፣ እጄን ይዞ ወጣና፣ ታክሲ ሳንይዝ እስከ ጎተራ በእግራችን ሄድን፣ እጄን ጠበቅ አድርጎ ይዞኝ ስለነበር አመመኝ። ቤት ገብቶ ኮቱን ሳያወልቅ «አልማዝ፣ ሁለት ቤት ነው እኮ የምንገዛው! አንዱን ለኛ፣ አንዱን ለባንኩ!» አላት እማዬን። ያ ሁሉ ድግስ፣ ያ ሁሉ ንግግር ትዝ ብሎት መሰለኝ፣ ፊቱ ቀላ። እንደዚያ ቅስሙ ሲሰበር አይቼው አላውቅም ነበር።

በዚያ ሰሞን አንድ ደላላ ደረጃችንን እየወጣ «ወልዴ፣ ገዢ አለኝ፣ ዛሬ እሺ በለኝ» ማለት ጀምሮ ነበር። እሁድ ምሳ ላይ አባዬ «ሸጠን እንገላገል፣ ቂርቆስ ተመልሰን እንከራያለን» ሲል እማዬ ጉርሻውን መሃል ላይ አቆመችው።

«እነዚያ ሴትዮ ጋ? ውሃ በጆግ? አላደርገውም! እኔ ከዚህ ቤት ከወጣሁ ተመልሼ ልገባበት ነው የምወጣው።»

«እና ምን ይሁን ነው የምትይው?»

«እናከራየው። እኛ ካዛንቺስ እህቴ ጋ እንግባ። ኪራዩ የወሩን ክፍያ ችሎ ይተርፋል፤ የተረፈውን ለዋናው፣ ዕቁብህ ሲወጣም ለዋናው።»

«እኔ ወልዴ፣ ሚስትና ልጆቼን ይዤ እህትሽ ቤት? ሰው ምን ይለኛል?»

«ሰው ደስ እንዲለው አይደል እንዴ ከፍለን ባልጨረስነው ቤት በግ ያረድነው?» አለች እማዬ። ዳዊት ሳቁን መያዝ አቅቶት ከማዕድ ተነስቶ ወጣ። አባዬ መጀመሪያ ተቆጣ፣ ቀጥሎ እሱም ሳቀ፣ ትምህርት እስኪዘጋ ጠብቀንም፣ ተከራይ አግኝተን ወጣን።

ክረምቱን ካዛንቺስ ገባን። አክስቴ ብዙነሽ ባሏ የሞተባት፣ ለሆቴል አስተናጋጆች የደንብ ልብስ እየሰፋች በቀበሌ ቤት የምትኖር ሴት ነበረች። የቤቷን ግማሽ የጨርቅ መቁረጫው ጠረጴዛ ይዞት ስለነበር እኔና ዳዊት እሱ ሥር እንተኛ ነበር፤ ጠዋት ስንነሳ ፀጉራችን ውስጥ ክር ይገኝ ነበር። ዝናብ በቆርቆሮው ላይ ሲወርድ መነጋገር ስለማይቻል አክስቴ በምልክት ታዘን ነበር፣ ምልክቷ ካልገባን ደግሞ በማስመሪያው ትመታን ነበር፣ ማለቴ መታች ከተባለ፣ ትኮረኩረን ነበር። አባዬን ግን አንድ ቀን እንኳ ቅር አሰኝታው አታውቅም። «ወልዴ፣ እዚህ ገባሁ ብለህ አንገትህን አትድፋ፣ ይሄ እኮ የኔ ጌጥ ነው፣ ቤቴ ሰው ሞላው» ትለው ነበር።

መስከረም ሲጠባ ለእንቁጣጣሽ አዲስ ልብስ የሚባል ነገር እንደማይኖር ተነገረን። አክስቴ ግን ከአስተናጋጆቹ ልብስ የተረፈውን ወይን ጠጅ ጨርቅ ገጣጥማ ለሁላችንም ሰፋችልን፤ ለእኔ ቀሚስ፣ ለዳዊት ጃኬት፣ ለአባዬ ሰደርያ። ተሰልፈን ከግቢ ስንወጣ የሰፈሩ ልጆች በሳቅ ወደቁ። «አስተናጋጅ! ሁለት ማኪያቶ!» አሉ። አንደኛው ቀጥሎ «ባለ ፎቅ ነን ስትሉ አልነበር? ፎቃችሁ የት ሄደ?» ሲል፣ ዳዊት ቡጢውን ከመጨበጡ በፊት እኔ ከየት እንደመጣልኝ እንጃ፣ «ሥራ ሄዷል!» አልኩት። «ቤታችን ሥራ ሄዷል፣ ደሞዙን ሰብስቦ ይመጣል! ያንተ ቤት ተኝቶ ነው የሚውለው!» አባዬ ይሄን ሰምቶ መንገድ መሃል ቆሞ እንባው እስኪመጣ ሳቀ። የዚያን ቀን አንገቱን ቀና አድርጎ በሰደርያው ካዛንቺስን ከዳር እስከ ዳር ሲዞር ዋለ።

በጋውን ሙሉ ማንም ሱቅ ሳይከፍት እሱ ይከፍት ነበር። መኪናውን በክሪክ አንስቶ፣ ጎማውን ፈትቶ፣ የውስጡን ላስቲክ፣ ካላማዳሪውን፣ ውሃ ውስጥ ነክሮ፣ ትንፋሹ ከየት እንደሚወጣ እያየ፣ ምሳውን በአንድ እጁ ይበላ ነበር። እሁድ እሁድ ከቤተ ክርስቲያን መልስ እኔን ይዞ ጎተራ ይሄድና፣ ተከራዮቹን ላለማስቸገር ወደ ላይ ሳንወጣ፣ ከታች ቆመን የኛን በረንዳ እናይ ነበር። የሰው ልብስ ተሰጥቶበት ሳይ እቀና ነበር፤ እሱ ግን «እያት፣ እሁድ እንኳ አታርፍም» እያለ ቤቲቱን እንደ ጎበዝ ልጅ ያወድሳት ነበር። ዕቁቡ የወጣ ቀን አራታችንም ታጥበን ደምበል እንሄድ ነበር። አባዬ ተራው ሲደርስ ጉሮሮውን ጠርጎ ባንኩ ሁሉ እንዲሰማ አድርጎ «ለዋናው!» ይላል፤ ዘበኛው ሳይቀር ይስቅ ነበር፣ ልጅቷም «ለዋናው፣ ጋሼ ወልዴ» ብላ ትደግምለት ነበር። የቀረው ዕዳ ሲነገረን እንደ ፈተና ውጤት ነበር የምንጠብቀው፣ በየጊዜውም ይወርድ ነበር፣ እሰይ!

ሁለት ክረምት ካዛንቺስ አሳልፈን፣ ዋናው ደህና ሲቀንስ ወደ ቤታችን ተመለስን። ግድግዳው ቆሽሾ፣ የኩሽናው ቧንቧ ተሰብሮ አገኘነው፤ እማዬ ግን ደፉን ተሻግራ እንደገባች ወለሉ ላይ ቁጭ ብላ አለቀሰች፣ ደስታዋ ነበር። ከዚያም በኋላ ዕቁቡ በወጣ ቁጥር ወደ ዋናው መሄዱ አልቀረም፤ ሃያ ዓመት የተባለውም ግማሹ ሳይሞላ አለቀ። ዕዳው የተዘጋ ዕለት ድግስ ይኖራል ብለን ስንጠብቅ አባዬ የሥራ ቀን ሱቁን ዘግቶ መጣና፣ ሳሎኑ ውስጥ ፍራሽ አንጥፎ በቀትር ተኛ። በቀን ሲተኛ አይተነው ስለማናውቅ ደነገጥን። እማዬ ጣቷን አፏ ላይ አድርጋ «እሽ! ተዉት» እያለች እስኪመሽ ድረስ በእግሯ ጣት ትሄድ ነበር።

አሁን ካዛንቺስ ፈርሷል። አክስቴ ከከተማው ዳር ምትክ ቤት ደርሷት እዚያም ግቢውን ሁሉ ታዛለች፣ ደህና ናት። እኔ በሰፊው አዲስ መንገድ ሳልፍ የተኛንበት ጠረጴዛ የነበረበትን ቦታ ልለይ እሞክርና፣ መብራቱና አበባው ብቻ ነው የሚታየኝ፣ እተወዋለሁ።

ባለፈው ዓመት በተራዬ የቤት ብድር ልፈርም ባንክ ስሄድ አባዬ «ልሸኝሽ» ብሎ አብሮኝ መጣ። ዛሬ ሸብቷል፣ ጉልበቱንም ያመዋል። ወጣቱ የብድር ሠራተኛ የወሩን ክፍያ በጥሩ ትሕትና አስረድቶኝ ወረቀቱን ወደ እኔ ሲገፋ፣ አባዬ ያንን በጎማ የጠቆረ እጁን ወረቀቱ ላይ አሳረፈ።

«ልጄ፣ የወሩን ሰማን። አሁን ደግሞ ሁሉም ሲያልቅ በድምሩ ስንት እንደሚሆን ንገራት።»

«አባባ፣ እሱን ብዙ ሰው አይጠይቅም።»

«እሷ ትጠይቃለች።»

ልጁ አሰላና ነገረኝ። አባዬም እጁን ከወረቀቱ ላይ አነሳልኝ። እኔ ዋጋውን አውቄ ፈረምኩ። እሱ ከፈረመ በኋላ አወቀ፣ ካወቀ በኋላ ደግሞ ከፈለ። የኔው ይቀላል።