የኋላው ወንበር

በፍቃዱ ተቀምጦ መብላት የማይሆንለት ሰው ነው። ሚስቱ ሜሪ ምሳ ስታቀርብ አንድ ጉርሻ ጎርሶ ይነሳል፤ እስከ በሩ ሄዶ መኪናውን አይቶ ይመለሳል፤ ደግሞ ጎርሶ ይነሳል። «እሾህ ላይ ነው እንዴ ያስቀመጥኩህ?» ትለዋለች። ቀይ መብራት ሲይዘው መሪውን በጣቱ ይደበድባል፤ አረንጓዴ ሲበራ ከፊቱ ያለው ሹፌር ዓይኑን እስኪጨፍንና እስኪገልጥ እንኳ አይታገሠውም፣ ጡሩምባውን ይለቅበታል። መካኒሳ አቦ አካባቢ የሚያውቁት ሁሉ ሲመጣ ሳያዩት በጡሩምባው ይለዩታል።

ለብዙ ዓመታት የጭነት አይሱዙ ሲነዳ ኖሮ ነው ወደ ነጯ አውቶሞቢል የወረደው። «ወረድኩ» የሚለው ራሱ ነው። ርካሽ፣ ትንሽ፣ ስንት እጅ የዞረች መኪና ናት። በስልክ እየተጠራ ከነፋስ ስልክ ጎፋ፣ ከጎፋ መካኒሳ ሰው ያመላልስባታል። ልቡ ግን አሁንም የአይሱዙ ነው፤ ጠንካራ ነገር ሁሉ ጥሩ ይመስለዋል።

ሰሞኑን ጭራሽ እረፍት ያሳጣው የእናቱ ነገር ነው። እማማ አፀደ ባለፈው ክረምት አዳልጧቸው ደረጃ ላይ ወድቀው ወገባቸውን ተጎዱ። ሐኪሙ አጥንታቸው ሳስቷል ብሎ በየሳምንቱ ረቡዕ ሆስፒታል እየመጡ ፊዚዮቴራፒ እንዲሠሩ አዘዘ። በፍቃዱን ደግሞ ለብቻው ጠርቶ፣ «እንዳያቋርጡ። ካቋረጡ ይጎብጣሉ፤ ከጎበጡ በኋላ አልጋ ላይ ነው የሚቀሩት» አለው። ከዚያን ቀን ጀምሮ ረቡዕ ረቡዕ በፍቃዱ ስልኩን አጥፍቶ የእናቱ ሹፌር ሆነ።

መጀመሪያ ደህና ሄደ። ከዚያ አንድ ረቡዕ ቤታቸው በር ላይ ጡሩምባ ሲነፋ እናቱ በመስኮት ብቅ ብለው፣ «ዛሬስ ደህና ነኝ፣ ሥራህን ሥራ» አሉት። በሚቀጥለው ረቡዕ፣ «ጠበሉ አድኖኛል» አሉት። በሦስተኛው ጭራሽ ቤት አልነበሩም። ከዘራቸውን ይዘው በእግራቸው አቦ ቤተ ክርስቲያን ሄደው ኖሯል፤ እሱ መኪና አስነስቶ በር ላይ ሲጠብቃቸው።

በፍቃዱ ሰማይ ተደፋበት። ቤቱ ገብቶ ሜሪን፣ «አንቺ ምን ብለሻት ነው?» አላት።

«እኔ ምን እላቸዋለሁ? እናትህን ራሳቸውን ጠይቃቸው!»

ጠየቀ። «እማዬ፣ ምን አስቀየምኩሽ?»

«ኧረ ምንም የኔ ጌታ! ድኛለሁ አልኩህ እኮ» አሉ እማማ አፀደ። ይህን እያሉ ከመቀመጫቸው ለመነሳት ግድግዳውን በአንድ እጃቸው፣ ጠረጴዛውን በሌላው ያዙ። የዳነ ሰው እንደዚያ እንደማይነሳ በፍቃዱ አላጣውም። ሐኪሙ ያለው ነገር ጆሮው ላይ እየጮኸ ወጣ።

እንግዲህ ወደ መኪናዋ ልመለስ። ሕክምናው ሲጀመር እማማ አፀደን ያስቸገራቸው መውረዱ ነበር። መኪናዋ ዝቅ ያለች ናት፤ በዚያ ላይ የኋላዋ በእርጅና ተቀምጧል። «ጉድጓድ ውስጥ የገባሁ ነው የሚመስለኝ» ብለው ሳቁ አንዴ። ሆስፒታሉ በር ላይ ለመውረድ ሲታገሉ ዘበኛው «ቶሎ፣ ቶሎ» ይላል፣ ከኋላ ያለው መኪና ጡሩምባ ይነፋል፣ በፍቃዱ ራሱ ከመሪው ሳይነሳ አንገቱን አዙሮ፣ «በይ እንጂ እማዬ!» ይላል። ፊት ወንበር ላይ እንዳያስቀምጣቸው እሳቸው አይፈልጉም። ልጃቸው ሲነዳ ፊት ለፊት መንገዱን ማየት ነፍሳቸውን ያስወጣዋል፤ እዚህ ላይ አልፈርድባቸውም።

ስለዚህ በፍቃዱ ጎፋ ወዳለው ጋራዥ፣ ወዳጁ ሳዳም ዘንድ ሄደና «ኋላዋን አስነሳልኝ» አለው። ሳዳም መኪናዋ ሥር ገብቶ ወጣና ክብደቷን የሚሸከሙት ሞላዎች ደክመዋል፣ ይቀየሩ አለ። በፍቃዱ መች ሰምቶ! «የአይሱዙ ሰው ነኝ እኮ፣ ሞላ ልታስተምረኝ ነው? ጎማ ጨምርበት!» ነገሩ አዲስ አይደለም፤ ብዙ ሹፌር ያደርገዋል። የሞላው ጥምዝምዝ መሃል ደረቅ ጎማ እየተቆረጠ ይጎሰጎስና መኪናው ከፍ ይላል። ሳዳም ጎሰጎሰ። መኪናዋም ልትዋጋ እንዳቀረቀረች ፍየል ኋላዋን ሰቅላ ወጣች።

በፍቃዱ ለሰፈሩ ሁሉ አወራ። «ሦስት ሰው ጫንባት፣ ንቅንቅ የለም!» ለእናቱ ደግሞ፣ «ለአንቺ ብዬ ነው ያስነሳኋት» አላቸው። እማማ አፀደ መረቁት። እውነትም መውረዱ ቀለላቸው።

ከዚያ ወዲህ ግን የሚያናድዱት ትናንሽ ነገሮች በዙ። ተሳፋሪዎቹ ሲወርዱ «እግዜር ይስጥልን፣ ጥሩ መኪና ናት» ይሉና ስልካቸው ላይ በአምስት ኮከብ ፈንታ ሁለት፣ ሦስት ይሰጡታል። «ይሄ ሕዝብ ሁለት ምላስ ነው ያለው!» እያለ ይብከነከናል። በቀኝ በኩል ከኋላው በር በላይ ያለው እጀታ ተነቅሎ ተንጠለጠለ። «ለሰው ዕቃ የሚያዝን ጠፋ» አለ። አንድ ረቡዕ ደግሞ እናቱ ትንሽ ትራስ ይዘው መጥተው ሊቀመጡበት ሲሉ አየ። «እማዬ፣ መኪናዬን የገጠር አውቶቡስ አደረግሻት እኮ!» ብሎ ሳቀ። እሳቸውም ሳቁና ትራሱን ቦርሳቸው ውስጥ ከተቱት። ዳግመኛ አላመጡትም። ጥቂት ቆይቶ ራሳቸውም ቀሩ።

ይህን ሁሉ አንድ ላይ ያያዘው ሰው አልነበረም፤ በፍቃዱም ከመጤፍ አልቆጠረውም።

እናቱ አቦ በእግራቸው በሄዱ ማግስት መኪናዋ ከኋላ «ኳ! ኳ!» ማለት ጀመረች። የእናቱ ነገር ሳያንሰው መኪናዋ ደግሞ ስትጨምርበት አልቻለም፤ ጎፋ ድረስ ከነፈ።

«ሳዳም፣ ይቺ መኪና ልታሳብደኝ ነው።»

ሳዳም እጁን በጨርቅ እየጠረገ መጣ። «ቆማ ምን ይሰማኛል? ቁልፉን አምጣ። እኔ ልንዳ፣ አንተ ከኋላ ሁንና አዳምጥ። ከግራ ይሁን ከቀኝ ትነግረኛለህ።»

«እኔ? ከኋላ?»

«ታዲያ ማን? ወላሂ አትበላህም፣ ግባ!»

በፍቃዱ በሩን ከፍቶ ቆመ። መኪናዋን ከገዛ ጀምሮ ይህን ወንበር አጥቦታል፣ አራግፎታል፣ ሰው የረሳውን ጃንጥላ ፈልጎበታል፤ ተቀምጦበት ግን አያውቅም። ገባና በቀኝ በኩል ተቀመጠ። ሳዳም ወደ መካኒሳ አቅጣጫ ነዳ።

አስፋልቱ ላይ ደህና ነበር። መጀመሪያው ጉብታ ላይ ሲደርሱ ግን ወንበሩ ከሥሩ ገፍትሮ አነሳው፤ ጭንቅላቱ ጣሪያውን ነካ፤ ተመልሶ ሲወድቅ ምቱ ከመቀመጫው እስከ ማጅራቱ ዘለቀ። እጁ ሳያዘው ወደ ላይ ሄዶ እጀታውን ጨበጠ። ተነቅሎ የተንጠለጠለውን እጀታ። ገና ሳይለቀው ሁለተኛው ጉብታ መጣ። ከዚያ ኮብልስቶኑ ጀመረና ጥርሱ ተንገጫገጨ፤ እያንዳንዱን ድንጋይ በወገቡ ቆጠረው ቢባል ይቀላል። ጤነኛ፣ ጎልማሳ፣ ዕድሜውን ጭነት ላይ የጨረሰ ሰው ነው፤ ሆኖም አመመው።

«በየት በኩል ነው?» አለ ሳዳም ከፊት።

በፍቃዱ ወገቡን ይዟል።

«በፌ! ግራ ነው ቀኝ?»

«አቁም» አለ በፍቃዱ።

ሳዳም ያመመው መስሎት ዳር ይዞ አቆመ። በፍቃዱ ወርዶ የመኪናዋን ጣሪያ ተደግፎ ቆመ። ዓይኑ ቀልቷል። «እናቴ እዚህ ጋ ነው የምትቀመጠው» አለ። «በዚያ ወገቧ።»

ሳዳም ወደ ኋላ ዞረና የዕቃ መጫኛውን ክዳን በሁለት እጁ፣ በሙሉ ክብደቱ ተጫነው። መኪናዋ ንቅንቅ አላለችም። «ይኸውልህ። ደህና መኪና ሲጫኑት ይወርዳል፤ ሲለቁት አንዴ ብድግ ይልና ዝም ይላል። ያንተ አትወርድም። የሞላ ሥራው መውረድና መነሳት ነው፤ እኛ በጎማ ትንፋሹን ዘጋነው። ያንን የሚያረጋጋው ሾክ አብዞርበሩም ዘይቱን ተፍቶ ባዶ ቀርቷል። ታዲያ መንገዱ ማንን ይምታ? የተቀመጠውን ሰው ነዋ!»

«ለምን አልነገርከኝም?»

«አልነገርኩህም? ‹የአይሱዙ ሰው ነኝ› አላልከኝም?»

በፍቃዱ ዞሮ የኋላውን በር ዘጋ።

ወደ ጋራዡ ተመለሱ። ሳዳም መኪናዋን በክሪክ አንስቶ የተጎሰጎሱትን ጎማዎች አንድ በአንድ አወጣ። የቀኙ ሞላ ጫፉ ላይ ተሰንጥቆ ተገኘ፤ «ኳ» የሚለው እሱ ነበር። ሞላዎቹም ሾክ አብዞርበሮቹም ጥንድ ጥንድ ሆነው ተቀየሩ። ሁለቱን የኋላ ጎማዎች የሚያያይዘው ረጅም ብረት ከመኪናዋ ጋር የሚገናኝበት ቦታ ላይ ያለው፣ ጎሚኒ የሚሉት የጎማ ቀለበትም እንደ ደረቀ ዳቦ ተፈርፍሯል። ሳዳም ሲሠራ በፍቃዱ ጋራዡን ይዞራል፤ ይቀመጣል፣ ይነሳል፣ ደግሞ ይዞራል።

የሚያዞረው መኪናዋ አልነበረችም። ትራሱ ነው። ተሳፋሪ ነቀለው ብሎ ሲራገም የኖረበት እጀታ ነው፤ ያንን እጀታ የነቀለው የእናቱ እጅ መሆኑን አሁን ነው ያወቀው። መጀመሪያ እናቱ ላይ ተናደደ። ምናለ አንዴ «አመመኝ» ብትል? ግን «ለአንቺ ብዬ ነው» ከተባለች በኋላ የትኛዋ እናት ናት አመመኝ የምትል? እኛ ዘንድ በስጦታ የመጣ ጫማ እግር ቢልጥ ተልጦም ይመሰገናል እንጂ አይወለቅም። እማማ አፀደ ልጃቸውን ከሚያሳፍሩ ወገባቸውን ሰጡ።

ቀጥሎ የመጣበት ሐሳብ ደግሞ ከሁሉ የከፋ ነበር። ጎማው የገባው ለእናቱ ወገብ አልነበረም። ለራሱ ችኮላ ነበር። ያኔ ሆስፒታሉ በር ላይ ወርዶ፣ ዞሮ፣ በሩን ከፍቶ ክንዱን ሰጥቷቸው ቢሆን መኪና ማስነሳት ምን ያስፈልግ ነበር? አንድ ደቂቃ እንዳይቆም ብሎ ነው ጎማ ያስጎሰጎሰው። ይህ ሲገባው ጋራዡ መሃል ቀጥ ብሎ ቆመ።

«አዙሪቱ ለቀቀህ?» አለ ሳዳም ከመኪናዋ ሥር።

መኪናዋ መሬት ስትነካ በፍቃዱ ራሱ ክዳኑን ተጫነ። ወረደች፤ ተነሳች፤ ዝም አለች። ደግሞ ተጫነ። ሳዳም በቃህ እስኪለው ድረስ ይጫን ነበር።

ረቡዕ ጠዋት እናቱ በር ላይ ሲደርስ ጡሩምባ አልነፋም። ወርዶ አንኳኳ። እማማ አፀደ፣ «ዛሬም መጣህ? ድኛለሁ እያልኩህ» ብለው ሊከራከሩ ጀምረው ነበር። በፍቃዱ ስለ ሞላም ስለ ሳዳምም ምንም አላለም። መጀመሪያ ከእናቱ አልጋ ላይ ያችን ትንሽ ትራስ አነሳ፤ ሄዶ ከኋላው ወንበር በቀኝ በኩል አስቀመጣት፤ ከዚያ በሩን ከፍቶ ያዘ።

እማማ አፀደ ትራሱን አዩ። ልጃቸውን አዩ። ነጠላቸውን አጣፉና መጡ።

በፍቃዱ በሕይወቱ እንደዚያ ነድቶ አያውቅም። ከኋላው ጡሩምባ ሲያስጮኹበት መንገድ ይለቃል። ጉብታ ሲመጣ ትንፋሹን ይዞ በመስታወቱ ወደ ኋላ ያያል። መጀመሪያው ጉብታ ላይ የእናቱ እጅ አዲስ የተገጠመውን እጀታ ጥርቅም አድርጎ እንደያዘ ነበር። ኮብልስቶኑን ሲያልፉ እጁ ላላ። ትንሽ ቆይቶ ሲያይ እጁ ጭናቸው ላይ ነው። ከዚያ በኋላ ሲያይ ራሳቸው ወደ መስኮቱ ዘንበል ብሏል፤ አፋቸው ትንሽ ተከፍቷል። ተኝተዋል።

ቀጠሮው ገና ነበር፤ በፍቃዱ እንደ ልማዱ ያለ ጊዜው ነው የወጣው። ከሆስፒታሉ አጥር ጥግ አቁሞ ሞተሩን አጠፋ። ሬዲዮ አልከፈተም፣ ስልኩን አላወጣም፣ መሪውን አልደበደበም። እናቱ ሲተነፍሱ እየሰማ ዝም ብሎ ተቀመጠ። ሜሪ ብታየው የራሷ ባል መሆኑን ትጠራጠር ነበር።

እማማ አፀደ ሲነቁ ወደ ውጪ ተመለከቱ፤ ቀጥሎ የልጃቸውን ማጅራት ተመለከቱ።

«ደረስን እንዴ?» አሉ። «መንገዱን ሠሩት መሰለኝ?»

በፍቃዱ አፉን ከፈተ። ሌላ ቀን ቢሆን እስከ ጎሚኒው ድረስ ይተርክ ነበር።

«አዎ፣ እማዬ» አለ። «ሠሩት።»

«እሰይ። የሠራውን እጅ እግዜር ይባርከው።» ይህን ሲሉ ፊታቸውን ወደ መስኮቱ አዙረው ነበር።

በፍቃዱ መኪናዋን እስከ በሩ አስጠግቶ ወረደ፤ ዞሮ በሩን ከፈተና ክንዱን ዘረጋ። እማማ አፀደ ክንዱን በሁለት እጃቸው ያዙ፤ አንድ እግራቸውን አወጡ፣ አረፉ፣ ሌላውን አወጡ። ከኋላ አንድ የቸኮለ ሹፌር ጡሩምባውን ለቀቀባቸው። በፍቃዱ አልዞረም።