ውኃው የሚለቀው መሬት

የልጅ ልጄ ከዩኒቨርሲቲ ለእረፍት መጥታ ሻይ እየጠጣች ሳለ «እማማ፣ ሊቶራል የሚባል ነገር ታውቂያለሽ?» አለችኝ። ከንፈሯ ላይ «የት ታውቂውና» የሚል ሳቅ አለ።

«ባሕር ሲሞላ የሚሸፍነው፣ ሲጎድል ደግሞ የሚለቀው ምድር ነዋ» አልኋት። «እኛ እንኳ ሊቶራሌ ነበር የምንለው። ጭራዋን ማን ቆረጠባት?»

ልጅቱ ሲኒዋን አስቀመጠች። እውነቷን ነው፤ ባሕር አይቼ አላውቅም። ከደጀን ወዲያም ብዙ አልተሻገርሁም። ግን ያን ቃል ያስተማረኝ ራሱ ጣሊያን ነው። እንዴት እንዳስተማረኝ ስነግራት ሻይዋ ቀዘቀዘ፤ የእናንተም ቢቀዘቅዝ አትውቀሱኝ።

ያኔ ገና አዲስ ሙሽራ ነበርሁ። ቤታችን ከደብረ ማርቆስ የግማሽ ቀን መንገድ ርቆ ጨፌ ዳር ነው። ጣሊያን ሲገባ ባሌ ጠመንጃውን አንግቶ ዱር ቤቴ አለ። እኔ ከአባቱ ጋር ቀረሁ። አማቴ ዓይናቸው የደከመ፣ ምላሳቸው ግን ያልደከመ ሽማግሌ ነበሩ። ጎተራችን ተቃጥሏል፤ የደጋው ማሳችን አራሽ አጥቶ ጦም አድሯል። የቀረን ነገር ቢኖር ጨፌው ላይ በየዓመቱ የምትደርሰን አንዲት ቁራሽ መሬት ነበረች።

ጨፌው ክረምት ክረምት ውኃ ይተኛበታል። መስከረም ሲጠባ ውኃው ከዳር ከዳር እየለቀቀ ወደ መሐል ይሸሻል። የለቀቀው ጥቁር አፈር እርጥብ ነው፤ ሽምብራ ከጣሉበት ያለ ዝናብ ያበቅላል። ታዲያ ውኃው ድንበሩን ሁሉ ስለሚያጠፋው ማንም «ይህች የኔ ናት» አይልም፤ ዓመት በመጣ ቁጥር ዕጣ ይጣላል። እያንዳንዱ ቤት ምልክቱን ቁና ውስጥ ይከታል። አንዱ ጠጠር፣ አንዱ ስንጥር፣ ሰነፉ ደግሞ ጎንበስ ብሎ ያነሳትን የፍየል በጠጥ። የሚያወጣው የአገሩ ሰው አይደለም፤ የማን ምልክት የማን እንደሆነ የማያውቅ መንገደኛ እንግዳ ነው። ተይዞ ይመጣል፣ ትንፍሽ ሳይል ያወጣል፣ በልቶ ጠጥቶ ይሄዳል። ምልክቶቹ በወጡበት ተራ መሬቱ ከላይኛው ዳር ጀምሮ እስከ ታች ይታደላል።

አገር ውስጥ የሌለ ሰው ቢኖር ቤተሰቡ ምልክቱን ያስገባለታል። ምልክት ያልገባለት ቤት ግን ደጁ እንደተዘጋ ይቆጠራል። የባሌ ምልክት በገዛ እጁ የጠረባት የበሬ ቀንድ ቁራጭ ነበረች። ሌትና ቀን ከመቀነቴ አትለይም። ያችን መሬት ማጣት ለኔ መራብ ብቻ አልነበረም፤ ባሌን በቁሙ መቅበር ነበር። የመንግሥት ሰው «ባልሽ የት ነው?» ሲለኝ «ለንግድ ወለጋ እንደወረደ ቀረ» እላለሁ፤ ውሸቱን የምዋሽ እኔ ነኝ። አማቴ ሲጠየቁ ዝም ነው የሚሉት። እሳቸው በዕድሜያቸው ዋሽተው አያውቁም። በዚህ ደግሞ ይኮራሉ፤ አንዳንዴ ያናድዳል።

በመስከረም መጨረሻ አንድ ባለ መነጽር የጣሊያን መኮንን አስካሪ ከሚባሉት ቅጥር ወታደሮቹና ከአንድ የምጽዋ ሰው አስተርጓሚ ጋር ከተፍ አለ። ለከተማው ሠራዊት የጎመን መሬት ሊያስለካ ነው። መሬቱን ሳይለካ ግን ጭቃው ውስጥ ገብቶ ቀንድ አውጣ መልቀም ጀመረ። ሴቶቹ ሊበላው ነው ብለን ፊታችንን አዞርን። ለካስ ሰውየው የባሕር ነገር የሚመረምር፣ ጦርነት ከመጻሕፍቱ መሐል ጎትቶ ያመጣው ኖሯል።

«ሊቶራሌ! ሊቶራሌ!» አለ እጁን እያወናጨፈ።

አስተርጓሚው የባሕር አገር ልጅ ነውና ነጠላውን ከፍ ዝቅ እያደረገ ነገሩን አስረዳን። ባሕር በቀን ሁለቴ ይሞላል፣ ሁለቴ ይጎድላል። ከሁሉ በላይ ያለው ዳር ማዕበሉ ሲላተም ፍንጣቂ ብቻ የሚደርሰው ነው። መካከለኛው አንዴ ይሸፈናል፣ አንዴ ይገለጣል። የታችኛው ከውኃው ጨርሶ አይወጣም። በየደረጃው የሚኖረው ፍጥረትም ልዩ ልዩ ነው። ዳርቻውን እንዲህ እርከን በእርከን ከፍለው የሚጠሩበት ቃል ነው ሊቶራሌ ማለት።

«በቀን ሁለቴ?» አለች ጎረቤቴ። «ምን ረስቶ ነው የሚመለሰው?»

ሳቅ ሆነ። መኮንኑም ሲተረጎምለት ሳቀ። ደግ ነበር አልላችሁም፤ ጠላት ጠላት ነው። ሳቁ ግን የሰው ሳቅ ነበር። ወዲያው ሳቁን ሳይጨርስ ጠየቀ፤ «ክረምት ውኃ የሚሸፍነው፣ በጋ የሚለቀው ይህ መሬት የማን ነው?»

ሁላችንም ወደ አማቴ ዞርን፤ የጨፌው ዳኛ እሳቸው ናቸውና። የሚያዋጣው መልስ ግልጽ ነው፤ «የኛ ነው፣ ከአባት ከአያት የወረስነው» ማለት። አማቴ ግን በትራቸውን ተደግፈው አሰቡና «የማንም አይደለም። የውኃው ነው። ሲሄድ ያውሰናል፣ ሲመጣ ይወስዳል» አሉ።

ጉድ ፈላ! መኮንኑ ደስ አለው። በሱ አገር የባሕር ዳርቻ የማንም ሰው ርስት አይደለም፣ የመንግሥት ነው። ይህም ሊቶራሌ ከሆነ፣ ሽማግሌውም በአፋቸው የማንም አይደለም ካሉ፣ እንግዲያውስ የመንግሥት ነው። አስካሪዎቹ ቀይ ጨርቅ ያሰሩበት ችካል ከዳር እስከ ዳር ተከሉ። ባለቤቱን ካልናቁ አጥሩን አይነቀንቁ ይባል የለ፤ እኛማ አጥርም አልነበረን።

ቤት ስንገባ ደሜ ፈልቷል። «አባባ፣ ምነው ዛሬን እንኳ ቢዋሹ? አንዲት ቃል! የልጅዎን መሬት እኮ ነው አንስተው የሰጡት!» ብዬ ጮኽሁ። ምራት አማቷ ላይ እንዲህ አትጮኽም፤ እኔ ግን ጮኽሁ፣ አለቀስሁም።

«የውኃውን የኔ ነው ብዬ ልማል?» አሉኝ።

«አዎ! ይማሉ!»

«አንቺ ልጅ፣ የዋሸ ዳኛ ያካፈለውን ማን አምኖ ይዘራዋል?» ብለው ወደ ግድግዳው ዞረው ተኙ። እኔ መቀነቴ ውስጥ ያለችውን ቀንድ ጨብጬ ተቀመጥሁ። ያን ቀን እሳቸውን ጠልቻቸው ነበር፤ አልደብቅም።

ዕጣው ሊጣል ሲቃረብ ግን ሽማግሌው ለአስተርጓሚው መልእክት ላኩ። «መንግሥት ከጨፌው ድርሻ እፈልጋለሁ ካለ እንደማንኛችንም ምልክቱን ያስገባ። ዕጣ ያልጣለ አይካፈልም። የጣለ ደግሞ በወጣለት ያድራል። ደንባችን ነው።»

ይቆጣል ብለን ስንፈራ ሰውየው በጠዋት በበቅሎ መጣ። ደንብ የሚሉት ነገር ነፍሱ ነው። እንግዳው ለምን እንግዳ እንደሚሆን፣ ለምን እንደማይናገር፣ ሁሉን ጠየቀ፣ ሁሉን ጻፈ። ከዚያ ከኪሱ ነጭ ዛጎል አወጣ። ከእናቱ መንደር፣ ከባሕሩ ዳር የለቀማት ናት አሉ። ሳም አደረጋትና ቁናው ውስጥ ጣላት። እኔም ቀንዴን አስገባሁ።

ጎረምሶቹ መንገደኛ ሊይዙ ወጡ። ብዙም ሳይቆዩ በደብረ ወርቅ መንገድ ሲመጣ ያገኙትን አንድ የቆሎ ተማሪ እየገፉ አመጡ። ለምድ ለብሷል፣ አኩፋዳ አንግቷል፣ ጠጉሩና ጢሙ ተያይዟል፤ አንገቱን ደፍቶ ይሄዳል። «አትናገር፣ አውጣ ብቻ!» ብለው ቁናው ፊት አስቀመጡት። ቁናው በነጠላ ተሸፍኗል። ተማሪው ከሥር እጁን ሰዶ አንድ አንድ እያወጣ ለአማቴ ይሰጣል። አማቴ በጣታቸው ዳብሰው «ጠጠር! ስንጥር!» ይላሉ፤ ባለቤቱ እልል ይላል። በጠጧ ስትወጣ ተሳቀ።

ከዚያ ተማሪው እጁን እንደሰደደ ቀረ።

ሲያወጣው መዳፉ ላይ የኔ ቀንድ አለች። አልሰጠም። አውራ ጣቱ ቀንዷን ያሻሻታል። ያን ጊዜ ነው ትንሿን ጣቱን ያየኋት። ጫፏን ማጭድ የቆረጣት፣ ዳቦ ለመቁረስ እንኳ አትበቃም ያልኋት፣ በሠርጋችን ማግስት የሳቅሁባት ጣት ናት። ባሌ ነው! አስካሪ መሐል፣ የጣሊያን መኮንን አጠገብ ተቀምጦ ቀንዱን ያሻሻል! ኋላ ሲነግረኝ፣ «ቤቴን በሩቅ ላይ ብዬ ነበር የመጣሁት። ሲይዙኝ ግን ልየው አልሁ፤ ምልክቴ ከሌለች ሞተሃል ብለሽኛል ማለት ነው» አለኝ። ቀልድ ሲወድ!

አማቴ እጃቸውን ዘርግተው ጠበቁ። አላገኙም። እጃቸውን ወደፊት ሰደዱና የተማሪውን እጅ ያዙ። ቀንዷን ዳበሱ። ከዚያ ያችን ጣት ዳበሱ። ፊታቸው ላይ ምንም አልታየም።

መኮንኑ አንገቱን አሰገገ። ነገር ገብቶት አይደለም፤ ለዛጎሉ ሰግቶ ነው። «ለምን ቆመ? እንግዳ ነው ወይ? ሽማግሌው ይህን ሰው የሚያውቀው ከሆነ ዕጣው ፈራሽ ነው አላላችሁኝም?» አለ። አስተርጓሚው ተረጎመ። ደንባችንን ያስተማርነው እኛው ነን፤ መልሶ ያዘን።

እኒህ ሰውዬ መሬታቸው ሲወሰድ ያልዋሹ ናቸው። እውነቱን ከተናገሩ ባሌ ማርቆስ ወስደው ይሰቅሉታል። በልቤ «እመቤቴ፣ ዛሬን ብቻ!» አልሁ።

«አላውቀውም» አሉ አማቴ። «እንግዳ ነው።»

የልጃቸውን እጅ ለቀው «ቀንድ!» ብለው ተጣሩ። እልል ማለት ነበረብኝ፤ እልል አልሁ፣ እንዴት እንደወጣልኝ አላውቅም። መሐሉ ላይ ጥሩው መሬት ደረሰን። የቀሩትም ወጡ። ዛጎሏ መጨረሻ ወጣችና ለመንግሥት ታችኛው፣ እስከ ጥር ውኃ የማይለቀው ደረሰ። መኮንኑ ሆዱን ይዞ ሳቀ፤ የኔ ድርሻ ጨርሶ የማይወጣው እርከን ነው አለ። ከኛ መሬት ላይ ችካሉን አስነቅሎ እዚያው አስተከለው፤ ከውኃው በላይ የታየው ቀዩ ጨርቅ ብቻ ነው። እስከ ዛሬ ያችን ቦታ የአገሩ ሰው ሊቶራሌ ይላታል፤ የልጅ ልጄ መምህር ይህን ቢሰማ ይቆጣ ይሆናል።

ተማሪውን እንደ ደንቡ አበላነው። ወጡን ሳወጣለት ለምዱ ላይ ደፋሁበት። ቀና ብሎ እንኳ ሳያየኝ «እግዜር ይስጥልኝ» ብሎ ወደ መጣበት ሄደ። ጎረቤቶቼ ኋላ «እኛም አውቀነው ነበር» አሉ። ይሁን፤ ሆድ ሲያውቅ ዶሮ ማታ።

አማቴ ግን ያን ማታ እህል አልቀመሱም። በነጋታው ለንስሐ አባታቸው ተናዘዙ፤ ስግደት ታዘዘባቸው። ጉልበታቸው እየተንቋቋ ሲሰግዱ ሳይ አንጀቴ አልቻለም።

«አባባ፣ ለልጅዎ ነፍስ ብለው ነው እኮ። እግዜር ያውቃል።»

«እግዜርማ ያውቃል» አሉኝ። «የዋሸሁት ጎረቤቶቼን ነው።»

ሽምብራው ያን ዓመት አማረ። በላን፣ አተረፍን፣ ከዱር ለሚመጡትም በስውር አቀበልን። አማቴ ከዚያ እሸት አንዲት ፍሬ በአፋቸው አላደረጉም።

ጣሊያን ከማርቆስ በወጣ ሰሞን ባሌ ለምድ ሳይለብስ፣ ጠመንጃውን ይዞ በደጅ ገባ። መንደሩ በእልልታ ተናጋ፤ እኔ አንገቱ ላይ ተጠመጠምሁ። ወደ አባቱ ሊስማቸው ሲሄድ ግን «ቆይ» ብለው በበትራቸው አገቱት። የዕጣው ባለቤቶች ሁሉ እንዲሰበሰቡ አዘዙ። ተሰበሰብን። ሽማግሌው ቆመው ነጠላቸውን አደገደጉ።

«የዚያን ዓመት ዕጣ ፈርሷል» አሉ። «በሐሰት ነው ያካፈልኋችሁ፤ ይቅር በሉኝ። ያን ጊዜ እንግዳ ነው ብያችሁ ነበር። እንግዳ አይደለም። ልጄ ነው።»

«ይቅር ይበልዎ!» አለ ሕዝቡ በአንድ አፍ። ያን ጊዜ ነው በትሩን ጥለው እጃቸውን የዘረጉት፤ ዳብሰው ዳብሰው ያችን ጫፏ የተቆረጠች ጣት አገኙና ያዟት።