ከሰባ በታች

ባለቤቴ የተቀበረች ዕለት አላለቀስኩም። ቆቦ ውስጥ የሰፈሬ ሰው ሁሉ የሚያውቀው ነገር ስለሆነ ሳልደብቅ ልጀምርበት። ታማ ሳለ መንገዱ ተዘግቶ ወልድያ ሆስፒታል ድረስ መውሰድ ሳይቻል፣ አልጋዋ ላይ እንዳለች ነው ያረፈችው። የቅሬው ሰዎች፣ ማለትም የሰፈራችን የቀብርና የልቅሶ ማኅበርተኞች፣ መጥተው ሲሰበሰቡ እኔ አካፋ ስቆጥር፣ የድንኳኑ ካስማ ላልቷል ብዬ ስጨቃጨቅ፣ ለቆፋሪዎቹ የሚጠጣ ውሃ ሄደ አልሄደ እያልኩ ስንጎራደድ ዋልኩ። ሠላሳ ዓመት የመስኖ ጉድጓድ ሞተር ሳስነሳና ሳጠፋ የኖርኩ ሰው ነኝ። ነገር ሲበላሽ እጄ መፍቻ ይፈልጋል፤ ሌላ አላስለመድኩትም። ሴቶቹ ደረታቸውን እየመቱ በጎን ያዩኝ ነበር። የባለቤቴ ታናሽ እህት ግን ፊት ለፊት አየችኝ፤ ከዚያች ቀን ወዲህም ቤቴን አልረገጠችም። ልቡ ድንጋይ ነው አለች ብለው ነገሩኝ። አልተቀየምኳትም፤ እኔም ስለራሴ የማስበው ከዚያ ብዙ አይርቅም ነበር።

ልጅ አልወለድንም። እሷ ስትሞት ቤቱ ሁለት ክፍልና አንድ ሰው ሆነ። በዓመቱ ደግሞ ስኳር አለብህ ተባልኩና ኢንሱሊን ጀመርኩ። የቆቦ ሙቀት መድኃኒት ያበላሻል፤ መብራቱም ሲፈልግ ይመጣል፣ ሲያሻው ይሄዳል። ስለዚህ ብልቃጧን በላስቲክ ጠቅልዬ፣ እርጥብ አሸዋ በሞላሁት ገንቦ ውስጥ አኖራታለሁ። ጠዋት ወግቼ ቁርስ፣ ማታ ወግቼ እራት። ብቻውን የሚበላ ሰው ቶሎ ይጨርሳል፤ ከዚያ ቀኑን የሚያደርግበት ያጣል። ከሞተች አራት ዓመት እንዲሁ ሞላ።

አንድ ቀን ጠዋት መድኃኒቴን ወግቼ ቂጣዬን ልቆርስ ስል የቅሬው ጥሩምባ ተነፋ። የሞቱት ከእኔ ቤት ሦስተኛው ላይ የሚኖሩ አሮጌ ልብስ ሰፊ ናቸው። አንድ ሁለት ሱሪ አሳጥረውልኛል፤ ከዚያ ያለፈ ትውውቅ የለንም። በእኛ አገር ሟች አፈር ሳይለብስ ተቀምጦ የሚበላ ጎረቤት ጎረቤት አይባልም። እኔ ደግሞ አንዴ ድንጋይ ተብያለሁ፣ ሁለተኛ ስም አልፈለግሁም። ቂጣውን እንዳለ ሸፍኜ ወጣሁና ከቆፋሪዎቹ ጋር አካፋ ያዝኩ።

ፀሐይዋ ከዞብል ተራራ ከፍ ስትል መጀመሪያ ጉልበቴ ከዳኝ። ከዚያ ላብ አጠመቀኝ፤ ቆቦ ላይ ግን ላብ ማንን ይገርማል? እጄ ይንቀጠቀጥ ጀመር። አጠገቤ የቆመው ሰው ፊት ራቀብኝ፣ ድምፁም ከሩቅ የሚመጣ መሰለኝ። ሬሳው ወደ ጉድጓዱ ሲወርድ አንዳች ነገር ከውስጤ ተበጠሰና ተንሰቀሰቅሁ። ማልቀስ ብቻም አይደለም፣ መሬት ላይ ወድቄ አፈር በእፍኜ እየጨበጥኩ ጮህኩ። የሟቹ ልጆች እንኳ ልቅሷቸውን አቁመው ወደ እኔ ዞሩ።

ግራና ቀኝ ደግፈው አነሱኝ። አንዱ አብሽር ይለኛል፤ ሙስሊሙ ጎረቤቴ ሶብር አድርግ ይለኛል። ቁርስ በልተሃል ወይ ብሎ የጠየቀኝ የለም፤ በቀብር ቦታ ማን እንዲህ ያለ ነገር ይጠይቃል? ከኋላዬ ትከሻዬን ጥብቅ አድርጎ የያዘ ክንድ ነበር። ዞር ብዬ ሳይ የባለቤቴ እህት ናት፣ እሷም ታለቅሳለች። ልቅሶ ቤት ተመልሰን ስንገባ ስኳር የበዛበት ሻይ ሰጡኝና ጠጣሁ፣ ንፍሮም ዘገንኩ። ሩብ ሰዓት ያህል ቆይቶ ዓይኔ ጠራ፣ እንባዬም ቆመ። ቀና ስል የሰፈሩ ሰው ሁሉ በርኅራኄ ያየኛል። የሚስቱ ሐዘን አራት ዓመት ታፍኖ ኖሮ ዛሬ ወጣለት ተባለ። ምን እንደነካኝ ስለማላውቅ እኔም ያሉትን አመንኩ። እውነቱን ለመናገር ደስ አለኝ።

ከሁለት ሳምንት በኋላ ለክትትል ስሄድ ነገሩን ለነርሷ አጫወትኳት። በስንት ሰዓት እንደወጋሁ፣ በስንት ሰዓት እንደበላሁ ጠየቀችኝና ካርዴ ላይ ረጅም ቃል ጻፈች። ሃይፖግላይሴሚያ። የደም ስኳር ከሰባ በታች ሲወርድ የሚባለው ነው አለችኝ። መድኃኒቱ ገብቶ ምግቡ ሲቀር የሚመጣ ነው። ያልበኛል፣ ያንቀጠቅጠኛል፣ ያደናግረኛል፤ ያለ ምክንያት የሚያስቆጣው፣ ያለ ምክንያት የሚያስለቅሰውም ሰው አለ። ሰው እኮ የስኳር በሽተኛ በወደቀ ቁጥር ስኳሩ ተነሳበት ይላል አለች፤ ተነሳበት ካለ ደግሞ ጣፋጭ ይከለክለዋል። የወረደበትን ሰው እንዲህ ከልክለውት እያለቀ ሲያመጡባት አይታለች። ሦስት አራት የሻይ ማንኪያ ስኳር በውሃ በጥብጦ መጠጣት፣ ሩብ ሰዓት መጠበቅ፣ ካልተሻለ መድገም፤ ራሱን ከሳተ ግን አፉ ውስጥ ምንም ሳይጨምሩ ወደ ሐኪም መሮጥ። ዋናው ነገር አብሮኝ ያለ ሰው ይህን ማወቁ ነው። ቤት ውስጥ ማን አለ ስትለኝ ማንም የለም አልኩ። እስክሪብቶዋ ትንሽ ቆመ።

ያለ ምክንያት ያልሽው ልቅሶ ከየት ነው የሚመጣው ብዬ ጠየቅኋት።

"አባባ፣ ማሽኑ የሚነግረኝ ስኳሩን ብቻ ነው" አለችኝ።

ባጃጅ ውስጥ ሆኜ ለሁሉም እነግራለሁ ብዬ ቆረጥኩ። ቤቴ ስደርስ የባለቤቴ እህት በቅል እርጎ ይዛ ደጃፌ ላይ ተቀምጣ ትጠብቀኛለች። ሳልነግራት ቀረሁ።

ከዚያች ቀን ጀምሮ እሑድ እሑድ ከቅዳሴ መልስ ትመጣ ነበር። ቁርስ አቅርባ ስለ እህቷ ታወራኛለች። ባለቤቴ በልጅነቷ በለስ በጥርሷ ልትልጥ ስትል እሾሁ ምላሷ ላይ ተሰክቶ ሦስት ቀን ዝም ብላ እንደከረመች፣ በሕይወቷም ዝም ያለችው ያን ጊዜ ብቻ እንደሆነ የነገረችኝ እሷ ናት። ሃያ ስድስት ዓመት አብሬያት ኖሬ ይህን አላውቅም ነበር። ጎረቤቶቼም እግራቸው ተፈታ፤ አንዱ ሲወጣ አንዱ ይገባል። ይህ ሁሉ ሰው የመጣው በእንባዬ ነው። እንባው የስኳር እንደነበር ብናገር ምን ይቀርልኛል? ደግሞ ባልናገር፣ ሁለተኛ ጊዜ ሲመጣብኝ እያቀፉና እያጽናኑ ነው የሚገድሉኝ። ይህን እያወቅሁ ሁለት ወር ዝም አልኩ።

አንድ እሑድ ወግቼ ስጠብቃት ዘገየች። ቤት ውስጥ የሚበላ ነበረኝ፤ ግን እሷ እየመጣች ብቻዬን መብላት አስጠላኝ። ስትደርስ ግንባሬ ረጥቧል። ገና ተቀምጣ ሁለት ቃል ሳትናገር እንባዬ መጣ። ምን እንደሆነ አውቄዋለሁ፣ ስሙን እንኳ አውቀዋለሁ፤ ምላሴ ግን አልታዘዝ አለኝ። እሷ አቀፈችኝ።

"ያልቅሱ ጋሼ፣ ይውጣልዎ" አለች።

የስኳሩ ጣሳ ከኋላዋ መደርደሪያ ላይ ይታየኛል። ገፋኋት፤ ይብሱን አጥብቃ ያዘችኝ። ደግ ሰው እንዲህ አድርጎ ሲይዝህ ከባድ ነው። እንደምንም ተላቅቄ ጣሳውን ሳወርደው ተደፋ። ተንበርክኬ ከመሬት እየጠረግሁ በመዳፌ ቃምኩ። እሷ አብደዋል ብላ ግድግዳውን ተደግፋ ቀረች። አእምሮዬ ሲመለስ ጢሜ ላይ ስኳር እንደተጣበቀ፣ መሬት ላይ እንደተቀመጥኩ፣ ሁሉንም ነገርኳት፤ የካርዱን ቃልም፣ የቀብሩን ዕለትም፣ ዝም ያልኩበትንም ምክንያት።

ከግድግዳው ሳትላቀቅ ጠየቀችኝ።

"ታዲያ ጋሼ፣ ለእህቴ መቼ አለቀሱላት?"

"አላለቀስኩላትም" አልኳት።

መጥረጊያ ፈልጋ የተደፋውን ስኳር ጠረገች። ያመጣችውን ምግብ አቀረበችልኝና መጉረስ እስክጀምር ቆማ ጠበቀች። ከዚያ ነጠላዋን አጣፍታ ወጣች። በሚቀጥለው እሑድ አልመጣችም፤ ከዚያም ወዲያ አልመጣችም።

ከእንግዲህ የምደብቀው ስለሌለኝ በወሩ የቅሬ ስብሰባ ላይ ተነስቼ ተናገርኩ። በቃሉ ርዝመት ሳቁ። የቅሬው ዳኛ ግን ሦስት ጊዜ አስደገሙኝ። ስኳሩ የወረደበት ሰው ግትር ስለሚሆን አልፈልግም ብልም እንዳትሰሙኝ፣ ይዛችሁ አጠጡኝ አልኳቸው። ከድንኳኑና ከአካፋው ጋር ግማሽ ኪሎ ስኳርና አንድ ኩባያ እንዲቀመጥ ተወሰነ። ሰፈሩ ጎበዝ ተማሪ ወጣው። ገበያ ላይ የሚያገኘኝ ሰው ከሰላምታ በፊት ግንባሬን ያያል፤ በልተሃል ወይ ይለኛል። ስለ ባለቤቴ የሚያነሳ ግን ጠፋ። ማታ ማታ መጥተው ይቀመጡ የነበሩት ጎረቤቶቼ አሁን በራፍ ላይ ሆነው ደህና ነህ ብለው ያልፋሉ። ደህና ነኝ እላለሁ። ልክ ናቸው፣ የሚያስፈልገኝን ሁሉ አድርገውልኛል፤ ቤቱ ግን ጭር አለ፣ እኔም ከፋኝ።

ባለፈው ሰሞን አንዲት አሮጊት ሞቱና ቀብር ወጣን። የዚያን ቀን ቁርሴን ጠግቤ በልቻለሁ። ቆፋሪዎቹ ሥራ ሲጀምሩ የሟቿ ባል በዘንግ እየተደገፉ መጡና ከጎኗ አንድ ሰው የሚያስተኛ ቦታ እንዲተውላቸው ለመኑ። እኔ እዚህ ነኝ፣ ሌላ ሰው እንዳታስገቡ አሉ። ቆፋሪዎቹ እሺ ብለው በድንጋይ ከለሉላቸው። የባለቤቴ መቃብር ከዚያ አሥር እርምጃ አይርቅም። ዞሬ አየሁት። በቀኟም ሰው ተቀብሯል፣ በግራዋም፣ በእግሯም በኩል። ስንቀብራት ቦታ ጠብቁልኝ ማለት አልታሰበኝም ነበር። ከማላውቃቸው ሰዎች መካከል ትቻት ሄጃለሁ፤ እኔም ስሞት ከማላውቃቸው ሰዎች መካከል ነው የምገባው።

ባለሁበት ቁጭ አልኩና አለቀስኩ።

አንዱ ወረደበት ብሎ ተጣራ። እንዳስተማርኳቸው ፈጠኑ፤ ሁለቱ እጄን ያዙ፣ ሦስተኛው ስኳሩን በጥብጦ ኩባያውን ከጥርሴ አስጠጋው። አይደለም አልኩ። አይደለም እንደሚል ራሱ ነግሮናል ተባባሉ። ጭንቅላቴን ሳዞር ውሃው በአገጬ ፈሰሰ። ከሴቶቹ በኩል የባለቤቴ እህት ሰዉን ከፍላ መጣች። መዳፏን ግንባሬ ላይ አሳረፈች፣ ከዚያ አንገቴ ላይ፤ ቀጥላ እጄን ከያዙት ሰዎች ላይ ተቀብላ ጣቶቼን ዘርግታ አየቻቸው። አይንቀጠቀጡም። ጋሼ ላብ የላቸውም አለች።

"ልቀቋቸው" አለቻቸው። "ይኼ እንባ የእህቴ ነው።"