እታለምና መጽሐፉ ውስጥ ያለችው ሴትዮ

እታለም ዳማ ስትጫወት ትሰርቃለች። ይህን ሰፈሩ በሙሉ ያውቃል፤ የማያውቀው መጽሐፉ ብቻ ነው።

እታለም ከካፌያችን ቀጥላ ባለችው ጠባብ ክፍል ውስጥ የወንበር መቀመጫ በገመድ የምትሠራው ሴት ናት። እታለም ማለት የጀመረችው ታናሽ እህቷ ነበረች፤ ከዚያ ሰፈሩ ወረሰው፤ ዛሬ አባቷ ሊሆኑ የሚችሉ ሽማግሌ እንኳ እታለም ይሏታል። በልጅነቷ፣ ፊደል ከቆጠረች በኋላ፣ በሕመም ጆሮዋ ተደፈነ። ጎልመስ ስትል ደግሞ ዓይኗ ቀስ በቀስ ተከተለው። አንደበቷ ግን ከቦታው ንቅንቅ አላለም። የራሷን ድምፅ ስለማትሰማ ልኩን አታውቀውም፤ ሚስጥር ላንሾካሹክ ስትል ካፌው ውስጥ ያለው ሰው ሁሉ ስኒውን አስቀምጦ ጆሮውን ያቆማል። የባንክ ሠራተኛው ሚስቱን ለምን እንደሚፈራ ያወቅነው በዚህ መንገድ ነው።

እሷን ማናገር የፈለገ መዳፏ ላይ ይጽፋል። ዘዴውን የፈጠሩት እህትማማቾቹ ናቸው፦ የፊደሉን መነሻ ቅርጽ መዳፏ ላይ ይጽፉና ድምፁን ለመለየት አንዱን ጣቷን ጫን ያደርጋሉ። ድምፆቹ ሰባት፣ ጣቶቹ አምስት ስለሆኑ የእጅ አንጓዋና ክርኗም ሥራ ተሰጥቷቸዋል። ስለዚህ ከእታለም ጋር የጦፈ ክርክር የያዘ ሰው ከሩቅ ሲያዩት ሊጥ የሚያቦካ ይመስላል። በዚህ ጽሑፍ ከሰፈሩ ፈጣኑ ፀጉር አስተካካዩ ነው። ስድብ ሲሆንማ እጁ ክንፍ ያወጣል።

ሌላም ምልክት አላቸው። የክፍሏ ወለል ጣውላ ነው፤ አንድ ሰው በእግሩ ሲመታው በጫማዋ በኩል ይሰማታል። አንድ ምት፣ ሰው መጥቷል። ሁለት ምት፣ ምሳ ደርሷል። ሦስት ምት፣ የያዝሽውን ጥለሽ ውጪ። ሦስተኛው የተጨመረው ገመድ የምታጣብቅበት የማስቲሽ ጣሳ እሳት ይዞ ክፍሉ ሊጋይ ጥቂት ከቀረው በኋላ ነው።

ከሳምንቱ ሁሉ የምትጠብቀው የቅዳሜን ከሰዓት ነበር። ፀጉር አስተካካዩ ሱቁን ዘግቶ ይመጣና ክፍሏ ውስጥ ዳማ ይገጥማሉ። የሚጫወቱት በጠርሙስ ቆርኪ ነው፤ የእሷ ተንጋለው፣ የእሱ ተደፍተው ይቀመጣሉ፤ እሷ በጣቶቿ ዳበስ ዳበስ እያደረገች ሜዳውን ታነባለች። በዳበሳው መሐል የእሱ ቆርኪ አንዳንዴ መንገድ ይስትና እጅጌዋ ውስጥ ይገባል። እሱ እጅጌዋን ይዞ ያራግፋል። መዳፏ ላይ "ሌባ" ብሎ ይጽፋል።

"የት አየኸኝ?" ትላለች እታለም፣ "እኔ እንኳ አላየሁም።"

የተሸነፈ ሻይ ይጋብዛል። ይህ ለዓመታት ሲሆን የኖረ ነው፤ ካፌው ውስጥ ቅዳሜ ወንበር የሚጠፋው ለሻዩ ተብሎ አይምሰላችሁ፤ ጭቅጭቃቸው እዚያ ድረስ ይሰማል።

ከዚያ ደራሲው መጣ። ድምፁ ለስላሳ፣ አንገቱ ወደ አንድ ጎን ዘመም ያለ ሰው ነው፤ በር ላይ ሳለ ጀምሮ ዓይኑ እንባ አዝሎ ነበር። በእህትየዋ ጣት በኩል "ስለ እርስዎ ሕይወት መጽሐፍ መጻፍ እፈልጋለሁ" አላት። እታለም ደስታዋን አልቻለችውም። ወሬዋን ቁጭ ብሎ የሚሰማ ሰው አግኝታ ምን ታስቀራለች? ከደንበኞቿ ጋር የተጣላችውን ሁሉ ነገረችው። ከቀድሞ ወዳጇ ከከባድ መኪና ሹፌሩ ጋር ለምን እንደተለያየች ነገረችው፦ "እጁ ሰነፍ ነው። 'እወድ' ብሎ ይጀምርና እንቅልፍ ይወስደዋል። ማንን እንደሚወድ ሳላውቅ ዓመቱ አለቀ።" ዳማውንም፣ እጅጌዋንም ነገረችው። ደራሲው አንገቱን እየነቀነቀ ጻፈ።

መጽሐፉ ሲወጣ ርዕሱ "በዝምታ የነደደች ሻማ" ሆነ። ካፌው ውስጥ "በዝምታ" የሚለውን ያነበበ ሁሉ ሻዩ ትን አለው።

እህትየዋ ከምሳ በኋላ ቁጭ ብላ መዳፏ ላይ ታነብላት ጀመር። "ከፊቷ ፈገግታ ተለይቶ አያውቅም" የሚለው ጋ ሲደርሱ እታለም እጇን ነጠቀች።

"ይሄ ስለማን ነው?"

"ስለ አንቺ ነው፣ እታለም።"

"እኔ መቼ ነው ፈገግ ያልኩት?"

አራተኛው ገጽ ላይ የእህትየዋ ጣት ዛለ። "ከዚህ በኋላ ያለው ምስጋና ነው" ብላ ጻፈች።

"ምስጋናውን አንብቢዋ።"

"ረጅም ምስጋና ነው።"

እውነቱን ለመናገር እህትየዋ መጽሐፉን ወዳዋለች። ሁለት ጊዜ አግብታ ሁለት ጊዜ የፈታች ሴት ናት፤ መጽሐፉ ውስጥ ግን ለእህቷ ስትል የትዳር ደጃፍ ያልረገጠች ሆናለች። ሁለቱ የቀድሞ ባሎቿ አንድ መጽሐፍ በጋራ ገዝተው ራሳቸውን ሲፈልጉ እንደከረሙ ሰምተናል።

ከዚያ ሰዎች መምጣት ጀመሩ፣ ያለ ወንበር። መዳፏን ይይዙና ምንም ሳይጽፉ እንባቸውን ያንጠባጥቡበታል። እታለም መጀመሪያ ላይ ጣሪያው የሚያፈስ መስሏት እህቷን አናጢ ጥሪ ብላ ነበር። ባለፈው ዓመት አንድ ገመድ ላላ ብሎ ወንበሯ ቢሰጣት በር ላይ ቆማ ሰፈር ያናወጠች ደንበኛ፣ አሁን ጎድጉዶ የተሠራ መቀመጫ ተቀብላ የእታለምን ግንባር ስማ ሄደች። ስትቀመጥ ወገቧ ድረስ እንደምትሰምጥ ሠራተኛዋ ነግራናለች። አልመለሰችውም።

ይህ ሁሉ ይቻል ነበር። ያልተቻለው ቅዳሜ ነው።

እታለም አንድ ቆርኪ እጅጌዋ ውስጥ ከተተች። ፀጉር አስተካካዩ ዝም አለ። ሁለተኛ ከተተች። ዝም። አሸነፈች፤ ሻይ ጋበዛት። በሚቀጥለውም ቅዳሜ እንዲሁ ሆነ። እሷ ደግሞ ነገሩ ስላልጣማት ቆርኪዎቹን በግልጽ፣ እንደ ባቄላ በጭብጧ ዘገነቻቸው። እሱ ቀሪዋን አንድ ቆርኪ ከፊቷ አቅርቦ እንድትበላት አመቻቸላት።

"ታመሃል እንዴ?" አለችው።

"ደህና ነኝ።"

"ታዲያ ለምን አትሰድበኝም?"

ፀጉር አስተካካዩ ሲጽፍ እጁ እንደዚያ ዘግይቶ አያውቅም። "መጽሐፉን አነበብኩት። ይህን ሁሉ ተሸክመሽ እየኖርሽ እኔ ለአንድ ቆርኪ ስጨቀጭቅሽ። አፈርኩ፣ እታለም።"

እታለም ዳማውን በክርኗ ገለበጠችው። "ያ ደራሲ ዳማዬን ወሰደብኝ" አለች። ይህን የተናገረችው ለራሷ ነበር፤ የሰማው ግን ሰፈሩ ሁሉ ነው።

መጽሐፉ ስለተሸጠ ሁለተኛ እትም ሊወጣ ሆነ። ለዚያም በአንድ አዳራሽ ዝግጅት ተሰናድቶ እታለም የክብር እንግዳ ሆና ተጠራች። ደስ ብሏት ሄደች፤ ልትናገር ያሰበችው አንድ ነገር ነበር። ሁለተኛው እትም ላይ ሌባ መሆኗ እንዲጻፍ። ያን ጊዜ ፀጉር አስተካካዩ ማፈሩን ትቶ እጅጌዋን ያራግፋል።

እሷ ያላወቀችው ነገር አለ። ደራሲው ማስታወሻ ይዞ ክፍሏ ውስጥ ተቀምጦ ሳለ፣ አንድ ቀን እህትየዋ ወለሉን ሦስት ጊዜ ስትመታና እታለም ዘላ ስትነሳ አይቷል። የማስቲሹ ጣሳ እንደገና መጨስ ጀምሮ ነበር። እሱ ግን እታለም ከደስታዋ ብዛት የዘለለች መሰለው፤ ጠይቆ አልተረዳም፤ ብቻ "ሦስት የእግር ምት፣ በእነሱ ቋንቋ፣ እንወድሻለን ማለት ነው" ብሎ አንድ ሙሉ ምዕራፍ ጻፈበት። ምስጋናው ውስጥ ስለነበረ ለእታለም አልተነበበላትም።

አዳራሹ ጢም ብሎ ነበር። ደራሲው ቀድሞ ለታዳሚው "ጭብጨባ አትሰማም፤ ምልክት ስሰጣችሁ ሁላችንም በእግራችን" ብሎ አስጠናቸው። ከዚያ እታለም እህቷን ይዛ የጣውላው መድረክ ላይ ቆመች።

"ስሙኝ" አለች። ማይክሮፎን ሰጥተዋት ነበር፤ የመስኮቱ መስታወት ተንቀጠቀጠ። "መጽሐፉ ውስጥ ያለችውን ሴትዮ አላውቃትም። እኔ ፈገግ አልልም። ሰው እሰድባለሁ። ዳማ ስጫወት እሰርቃለሁ።"

"ምን ዓይነት ትሕትና ነው" አለች ፊት ወንበር ላይ ያለች ሴት፣ አፍንጫዋን እየጠረገች።

"ስለዚህ ሁለተኛው ሳይታተም" አለችና እታለም ትንፋሽ ለመውሰድ ቆም አለች። ደራሲው የጨረሰች መስሎት እጁን አነሳ። አዳራሹ በአንድ እግር ሦስት ጊዜ ወለሉን መታ።

እታለም ማይክሮፎኑን ጣለች። በአንድ እጇ እህቷን፣ በሌላው አጠገቧ የነበረውን የደራሲውን ኮሌታ ጨምድዳ ያዘች። "እሳት ነው፣ ውጡ" አለች፤ ማይክሮፎን አላስፈለጋትም። የመድረኩን ደረጃ ሁለቱን እየጎተተች ወረደች፤ ወንበሮች ተገለበጡ፤ ግማሹ ታዳሚ ከእሷ ቀድሞ በሩን ያዘ። ትሕትናዋን ያደነቀችው ሴት በመስኮት ወጣች ይባላል። የደራሲው አንድ ጫማ እስከዛሬ አልተገኘም።

ውጭ ቆማ አሸተተች። ጭስ የለም።

ከታዳሚው መሐል የነበረው ፀጉር አስተካካይ ሆዱን ይዞ እየሳቀ ደረሰና መዳፏን ያዘ። "እሳት የለም። ማጨብጨባቸው ነው።"

"በሦስት?"

"በሦስት።"

"ማን አስተማራቸው?"

"መጽሐፉ።"

እታለም የደራሲውን ኮሌታ ለቀቀች። "የምለውን ሳልጨርስ" አለች። ከዚያ ወደ እሱ ዞረች። "አንተ፣ ዳማው ይገባል አይገባም?"

ደራሲው ትንፋሹን ሰብስቦ በእህትየዋ በኩል መለሰ። "አንባቢ እርስዎን እንደዚያ ማየት አይፈልግም። ያዝናል።"

"እኔስ ባዝን?"

ደራሲው ማስታወሻውን አውጥቶ ነበር።

"አንተስ?" አለች ለፀጉር አስተካካዩ፤ ይህን ጊዜ ድምፅዋ ከወትሮው ዝቅ ያለ ነበር። "አንተም እንደነሱ ነህ?"

ሰውየው መዳፏን መልሶ ያዘ። ከዚያ በድሮ ፍጥነቱ፣ ክርኗን ሳይቀር እየጠቀጠቀ ጻፈ። "ከመድረኩ ስትወርጂ ገበያ የበተነ በሬ ትመስዪ ነበር።"

"እንደገና ጻፈው።"

እንደገና ጻፈው።

ቅዳሜ እጅጌዋ ተራገፈ። ቆርኪዎች ወለሉ ላይ ሲንጫጩ ካፌ ድረስ ሰማን። ተሸንፋ ሻይ ጋበዘች፤ ሻዩ ቀጥኗል ብላ ከአስተናጋጁ ጋር ተጣላች።

ሁለተኛው እትም ከእነፈገግታው ወጣ። የተጨመረበት፣ እታለም በሕዝቡ ፍቅር ተነክታ ደራሲውን አቅፋ ወደ ብርሃን የሮጠችበት አዲስ ምዕራፍ ነው። እህትየዋ ልታነብላት ገና ጣቷን ስታነሳ "ምስጋና ነው አይደል?" አለቻት።

"ነው።"

"ተይው።"

እንግዶቹ ግን አልተዉትም። አሁን የሚመጡት መጽሐፉ እንዳስተማራቸው በሩ ላይ ቆመው ወለሉን በፍቅር ሦስት ጊዜ እየመቱ ነው። እታለም ወለሉ በተመታ ቁጥር ገመዷን ጥላ መንገድ ላይ ትወጣለች፤ ጭስ ታሸታለች፤ የደንበኛ ወንበር ግማሽ ሆኖ ይውላል። በመጨረሻ የእሳቱን ምልክት መቀየር ግድ ሆነ። አዲሱ ምን እንደሆነ ሰፈሩ በሙሉ ያውቃል። ደራሲው ባለፈው ሳምንት ካፌ ገብቶ ሻይ እየጋበዘ ሲጠይቅ፣ ሻዩን ጠጣንና አናውቅም አልነው።