በሁዳዴ የጨመርኩት ወተት

የበደለችኝ የአረጋውያን መንከባከቢያው ኃላፊ ነርስ ናት፤ ሲስተር ነበር የምንላት። ጊዜው ካዛንቺስ ከመፍረሱ በፊት የነበረው የመጨረሻው ሁዳዴ ነው። መንከባከቢያው እዚያው ካዛንቺስ ነበር፤ እኔ ረዳት ነበርኩ። በዕድሜ እናቷ እሆናለሁ፤ እሷ ግን አንድም ቀን አንቱ ብላኝ አታውቅም።

ሲስተር ግፊት ለክታ፣ መዝገቡ ላይ ጽፋ ትወጣለች። ማገላበጡ፣ ማጠቡ፣ ማጉረሱ የረዳት ነው። ከምንከባከባቸው አንዷ ጡረታ የወጡ አስተማሪ ነበሩ፤ ከአልጋ አይነሱም። ምግቡን በግራ ጉንጫቸው ይዘው ይቆያሉ። እስኪውጡ ድረስ ማንኪያ ይዤ ጎንበስ እንዳልኩ እጠብቃለሁ። ወገቤ እስከ ዛሬ ያመኛል። ሌላ ሰው ላጉርስዎ ሲላቸው እሺ አይሉም ነበር።

ጾሙ ሲጋመስ በጣም ከሱ። ሲስተር ኩሽና ድረስ መጣች።

«አጥሚታቸው ውስጥ ወተት ጨምሪበት።»

«ይጾማሉ እኮ፣ ሲስተር። የንስሐ አባታቸው ተጠርተው ይፍቀዱላቸው።»

«ቄስ ስንጠብቅ ይሙቱ? አንቺ ካልነገርሻቸው ማን ይነግራቸዋል?»

ጨመርኩ። በእጄ ነው፤ አልክድም። በሦስተኛው ቀን መምህሯ አጣጣሙና፣ «ይሄ ነገር ወተት ወተት አለኝ» አሉ።

«የለውዝ ነው፣ እማማ።»

«አንቺ ካልሽ እሺ» ብለው አፋቸውን ከፈቱልኝ።

እሁድ ልጃቸው መጣች። ሰንጋ ተራ ኮንዶሚኒየም ነው የምትኖረው፤ በታክሲ ሩቅ አይደለም፤ የምትመጣው ግን በወር አንዴ ነው። ውሃ ልትቀዳ ኩሽና ስትገባ የላስቲኩን ወተት አጥሚቱ ላይ ሳፈስ አየችኝ። ጩኸቷን ሰምታ ሲስተር መጣች።

«ማን ነው ይሄን ያዘዘው?»

«እኔ አላዘዝኩም። ከራሷ አመንጭታ ነው» አለች ሲስተር፣ እዚያው ፊቴ ቆማ።

ልጅየዋ ሄዳ ለእናቷ ነገረቻቸው። ሌላ አጥሚት፣ ወተት የሌለበት፣ ሠርቼ ስገባ ጣሪያ ጣሪያውን ያያሉ።

«ሲስተር ናት ያዘዘችኝ» አልኳቸው።

«እሷ ትዘዝሽ። የለውዝ ነው ያልሽኝ ግን አንቺ ነሽ።»

ማንኪያውን ባስጠጋ አፋቸውን ገጠሙ። ሌላዋ ረዳት ብትሞክርም ያው ሆነ። ያን ቀን ውሃ እንኳ አልቀመሱም።

ሰኞ ጠዋት ፈረቃዬን ለባልደረባዬ ሰጥቼ የንስሐ አባታቸው ጋ ሄድኩ። የሲስተርንም የእኔንም ነገርኳቸው። ከሰዓት መጥተው ጸሎት አደረሱ፤ ሕመምተኛ ስለሆኑ ጾም እንደማይጠበቅባቸው ነግረው ፈቀዱላቸው። መምህሯ ወተቱን ከእሳቸው እጅ ጠጡ። በር ላይ ቆሜ ነበር፤ ዞር ብለው አላዩኝም።

በማግስቱ ወደ ልብስ ማጠቢያ እንዲያዛውሩኝ ማመልከቻ አስገባሁ። ምክንያቱን በሁለት መስመር ጻፍኩት፤ ወተቱን ያዘዘችኝን ከነስሟ። ከዚያ አንሶላ ማጠብ ጀመርኩ።