ቲቸር ቋንቋ ያለቀባቸው ቀን

የኮሌጃችን የቅርጫት ኳስ አሰልጣኝ ሲጮሁ ድምፃቸው አጥሩን አልፎ ባጃጅ ተራ ድረስ ይሰማል። አላጋነንኩም። ከልምምድ ስንመለስ ሾፌሮቹ አንገታቸውን ብቅ እያደረጉ «ቢታ፣ ሚርጋ» ይሉናል። በኦሮምኛ ግራ፣ ቀኝ ማለት ነው።

ቲቸር የጨፋ ልጅ ናቸው፤ ዋና ሥራቸው ብየዳ ማስተማር ነው። ቅርጫት ኳስን ያወቁት ለመምህርነት ሲሠለጥኑ ሲሆን ሁለት ዓመት ሙሉ ተቀያሪ ሆነው አንድም ቀን ሜዳ አልገቡም። «ቁጭ ብዬ ስለነበር ከሁሉም በደንብ ያየሁት እኔ ነኝ» ይላሉ። ከሚሴ ሲመደቡ ኳሱም ሜዳውም አልነበረም። ቀለበቱን ከተማሪዎቻቸው ጋር ከፌሮ በየዱት፤ የተጣለ ጥቁር ሰሌዳ ከኋላው ገጠሙለት። ዝናብ ሲመታው እስካሁን የሆነ መምህር የጻፈው ስሌት ብቅ ይላል።

የሴቶች ቡድኑን ያሰባሰቡት ደግሞ ቤት ለቤት ዞረው ነው። ለአባቴ «ሱሪዋንም ሂጃቧንም ለብሳ ትጫወታለች፣ ከመግሪብ በፊት ቤቷ ትገባለች» አሏቸው። አባቴም ትንሽ አሰቡና «ትሮጣለች ወይ ግን?» ብለው ጠየቁ። በዚህ ሁኔታ ኳስ አቀባይ ሆንኩ።

የኦሮምኛው ነገር የተጀመረው ከደሴ ቡድን ጋር ስንጫወት ነው። እንግዶቹ አማርኛ ብቻ ነበር የሚሰሙት፤ ቲቸር ደግሞ «ቢታ፣ ኬኒ» ይላሉ፤ በግራ፣ ስጪ። አንዷ የደሴ ልጅ ግራ ገብቷት «ምንድን ነው የሚሉት?» ብላ ጠየቀችኝ። «እየሰደቡን ነው» አልኳት። አዘነችልን። አሸነፍናቸው።

ቀጣዩ ተጋጣሚያችን የባቲ ቡድን ነበር። የኮሌጁ ኃላፊ አስቀድመው ቁርጡን ነግረውናል፦ ከተሸነፍን የቅርጫቶቹ ምሰሶዎች ይነቀላሉ፣ ሜዳውም የመኪና ማቆሚያ ይሆናል። ቲቸርን በዋዜማው ብቻቸውን ምሰሶዎቹን ቀለም ሲቀቡ አይተናቸዋል።

ጨዋታው ተጀመረ። ቲቸር «ቢታ» ሲሉ ረጅሟ የባቲ ልጅ ከእኔ ቀድማ ግራ ላይ ቆማለች። «ሚርጋ» ሲሉ እዚያም አለች። ኳሱን ነጠቀችኝና እየሳቀች «ቲቸር፣ እኛ ቤትም እኮ እንዲህ ነው የሚወራው» አለቻቸው።

ቲቸር ወደ አማርኛ ዞሩ። የባቲ ልጆች እሱንም ያውቃሉ። ተናደዱና «የሚን» አሉ፣ በዐረብኛ። ምን ዋጋ አለው፤ ሁላችንም ቁርአን ቤት የተማርን ነን፣ ዐሥሩም ሰው ወደ ቀኝ ሮጠ። እንግሊዝኛ ሲሞክሩማ ተመልካቹ ሆዱን ይዞ ሳቀ።

«እኛ እኮ ገበያ መሃል ነው ያደግነው» አለች ረጅሟ። «ዐፋርኛም ካለዎት ይሞክሩን።»

ዕረፍት ላይ በስድስት ነጥብ ተመርተናል። ቲቸር ላባቸውን ጠረጉ።

«በሉ ልጆቼ፣ እኔ ቋንቋ አለቀብኝ። እርስ በርስ ተያዩ፤ ከእንግዲህ አፌን አልከፍትም» አሉ።

«ወላሂ በሉ» አለች ተከላካያችን።

«ወላሂ።»

ሜዳው ጸጥ ሲል ጨነቀኝ። ለካ እስከዚያ ቀን ድምፃቸውን ሳልሰማ ኳስ አቀብዬ አላውቅም። የመጀመሪያዎቹን ሁለት ኳሶች ለባቲ አስረከብኩ። ቲቸር ኮፍያቸውን አፋቸው ውስጥ ከተው ይነክሳሉ። ከዚያ ቀስ በቀስ ቀና ማለት ለመድኩ። ጓደኛዬ ቅንድቧን ስታነሳ እሰጣታለሁ፣ ስታጠቅስ እይዘዋለሁ። ነጥቡ ተጠጋ፣ እኩል ሆነ።

ሰዓቱ ሊያልቅ ሲል ኳሱ እኔ ጋ ነበር። ረጅሟ ከፊቴ ቆማለች። ቀኜ ባዶ ነው፤ ቲቸር ቢሆኑ «ሚርጋ» ባሉ ነበር። እኔ ግን ተከላካያችን ከኋላ ስትሮጥ የጫማዋን ድምፅ ሰማሁ። ዞር ሳልል ወደ ኋላ ጣልኩላት። አስገባችው።

ኃላፊው ወንበራቸውን እያነሱ «ምሰሶው እዚያው ይቁም» አሉ፤ አልሐምዱሊላህ።

ቲቸር ወደ እኔ መጡ። የኮፍያቸው ጫፍ ረጥቧል።

«ከኋላ ስጪ ያለሽ ማን ነው?»

«ማንም አላለኝ፣ ቲቸር።»

«ማንም?»

«ማንም።»

የተቆጡ መስሎኝ ነበር። ከቅርጫቱ ሥር ያነሳሁትን ኳስ ከእጄ ወሰዱ፣ ሁለት ጊዜ አነጠሩት፣ መልሰው ሰጡኝና «እሺ፣ ነገ እሱን ለሌሎቹም ታሳያቸዋለሽ» አሉኝ።